ጽዋው ወደ ቤቴ የመጣ ጊዜ

በጃንሆይ ጊዜ አዲስ አበባ፣ ሰባተኛ ሰፈር ስንኖር ባሌ አንጥረኛ ነበር። ከአሮጌ መኪና ባሌስትራ ቢላዋ ያወጣል። ቢላዋውን ሁሉም ይወደዋል። እኛን ግን «ቡዳ ናቸው፤ ዓይናቸው ይበላል» ይሉናል።

የሰፈሩ ሴቶች የማርያም ማኅበር ነበረን። ጽዋው በየወሩ ከቤት ቤት ይዞራል፤ የተቀበለችው ትደግሳለች። የእኔ ተራ ሲደርስ ግን «ቤትሽ ጠባብ ነው» እየተባለ ያልፈኛል። ያን ጽዋ ቤቴ አስገብቼ እመቤቴን ማክበር ነበር የልቤ መሻት።

አንድ ወር እትዬ በምንላቸው ትልቅ ሴት ቤት ተሰበሰብን። ገና ስገባ፣ ገልጠውት የነበረውን ዳቦ መልሰው ሸፈኑ፤ የልጅ ልጃቸውን ወደ ጀርባቸው ሳቡ። የማኅበሩ ቄስም ተቀምጠው ያያሉ። ሌላ ጊዜ ቢሆን አንገቴን ደፍቼ እቀመጥ ነበር። ያን ቀን ድንግል አፌን ከፈተችው።

«ልክ ነዎት እትዬ፤ እኛ አንታመንም። የእጃችንን ሥራ ሁሉ ላውጣልዎ።»

ቢላዋውን ከዳቦው አጠገብ አንስቼ ዘንቢሌ ውስጥ ከተትኩ። «ይኼ የባሌ ነው። ሌሊት ተነሥቶ ልጁን ቢበላብዎስ?»

አንዷ ፈገግ አለች። ወደ ጠላው እንስራ ዞርኩ። «ሸክላ ሠሪዋንም ቡዳ ትሏታላችሁ። ይኼም ይውጣ።»

«ኧረ ጠላውን በምን እንጠጣ?» አለች ፈገግ ያለችው።

«በእፍኝ!» አለች ጎረቤቷ።

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። እኔ አልሳቅኩም። የእትዬን ነጠላ ጫፍ ያዝኩ። «ሸማኔውንም አልማራችሁትም።»

«ኧረ በማርያም! ራቁቴን ልታስቀሪኝ ነው እንዴ?» አሉ እትዬ፣ ነጠላቸውን ጨምድደው ይዘው እየሳቁ።

ያን ጊዜ ቄሱ የእጅ መስቀላቸውን ካባቸው ሥር ሸጎጡ። «ይህችስ ለእኔም አትመለስ! መስቀሌን ማን እንደ ሠራው እንዳትነግሯት።»

ሳቁ ቀስ እያለ ቆመ። ያን መስቀል ሁላችንም ስንገባ ተሳልመነዋል።

እትዬ ዳቦውን ገለጡት። «በይ ቢላዋውን መልሺ፤ ዳቦው ይቆረስበት። ስትሄጂ ጽዋውን ትወስጃለሽ።»

«ቤቴ ጠባብ ነው እኮ፣ እትዬ።»

«ተጠጋግተን እንቀመጣለን፣ አንቺ ነገረኛ!»

በወሩ መጡ። ሁለት ሴቶች ቀሩ፤ አልተቀየምኳቸውም። እትዬ ቆመው ጠላ ሲቀዱ፣ የልጅ ልጃቸውን ጭኔ ላይ እንቅልፍ ወሰደው። ፊቱን ማንም አልሸፈነውም።

ተመስገን።