ግማሽ እርምጃ ወደ ጎን

የጉሮሮ ሐኪሙ ክፍል በር ላይ ወረፋ ስንጠብቅ፣ አረንጓዴ ሻርፕ የጠመጠመች ሴት አጠገቤ ተቀምጣ ነበር። የጠፋችብኝ ዘመዴ መሰለችኝ። ሰላም ልላት ስል አንዲት ወጣት ቀደመችኝና «ውይ! የሙሽራዋ አክስት!» ብላ አስነሥታ አቀፈቻት። ለካ ሠላሳ ዓመት ሙሉ በፊልምና በቴሌቪዥን የሰው አክስት፣ የሰው ጎረቤት ሆና ኖራለች።

«ዋና ተዋናይት መቼ ነው የሚሆኑት፣ እትዬ?» አለቻት ወጣቷ።

«ድምፄ ይትረፍልኝ እንጂ ልጄ፣ በር መክፈቱም ይበቃኛል» አለች፣ በሻከረ ድምፅ እየሳቀች። እያወራችም ግማሽ እርምጃ ወደ ጎን አለች። «ዋናዋን ከካሜራው እንዳልጋርድ የለመድኩት ነው።»

ነርሷ «ውጤትዎ ደርሷል፣ ይግቡ» አለቻት። በሩ ሲከፈት የመስኮቱ ብርሃን እንደ ሕልም ፈሰሰባት። ልማዷ ነውና ለዋናዋ ቦታ ለቀቀች። ከኋላዋ ግን ማንም አልነበረም። ሻርፗን አስተካክላ ብርሃኑ መሐል ገባች።