ሳማ ያልነካው ክንድ

ባለፈው ሰሞን ጎፋ ለቅሶ ልደርስ ሄጄ፣ ድንኳኑ ውስጥ አንዲት ልጅ በረዶ ውስጥ የዋለ የላስቲክ ውሃ አቀበለችኝ። ሐሳቤ ሌላ ቦታ ስለነበር ዝም ብዬ ተቀበልኳት። ትንሽ ቆይቶ መዳፌን ይበላኝ ጀመር፤ ቀላ፣ ከዚያ ጉብ ጉብ ብሎ አበጠ። አጠገቤ የተቀመጡ አሮጊት እጄን አዩ፣ ፊቴን አዩና "አንቺ የባለሳማዋ ልጅ አይደለሽም እንዴ?" አሉኝ። ክፋት የላቸውም። እናቴ ካረፈች ስንት ዘመኗ፣ የሚያስታውሷት በዚያው ስም ነው። እኔ ግን ደሜ ፈላ። ውሃውን መሬት አስቀምጬ ወጣሁ።

እናቴ ሳማ በእጇ ነክታ አታውቅም። ሰፈሩ ይህን አልሰማኝም፤ እስቲ አንተ ስማኝ።

ጊዜው የደርግ ነው፣ እኔ የሰባተኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። ለአብዮት በዓል አደባባይ ለሚታየው የስፖርት ትርኢት ከየቀበሌው ልጆች ይመለመሉ ነበር። እኛን ነሐሴ ሙሉ በጠዋት ሜዳ ላይ ያሰልፉናል፣ በካናቴራና በቁምጣ። ጭቃው ሸራ ጫማችንን ይዞ አይለቅም። ጭጋጉ ፊት ለፊቴ የቆመችውን ልጅ ጀርባ ይሸፍነዋል፣ ከየቤቱ የእርጥብ እንጨት ጭስ ይሸታል። ደስ ይለኝ ነበር፣ ምን ልዋሽህ። ቀይ ጨርቅ እያውለበለብኩ አደባባይ እንደምወጣ ለክፍሌ ልጆች አውርቼ ጨርሻለሁ።

አሰልጣኛችን ከቀበሌው ካድሬዎች አንዱ ነው። ካፖርቱን እስከ ዛሬ አልረሳሁለትም። እኛ ጥርሳችን እየተንቀጫቀጨ እሱ እስከ አገጩ ቆልፎ፣ ፊሽካውን አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ፣ "ብርድ የአድኃሪ ሰበብ ነው" ይለናል። በዚያው ሰሞን አንድ ጎረምሳ ከልምምዱ ለመቅረት ብሎ ከቀበሌው አጥር ሥር ሳማ ነቅሎ ጭኑን አሽቶ ተይዟል። ከዚያ ወዲህ ሰውየው ሁላችንንም የሚያየን በዚያ ዓይን ነው።

አንድ ቀን ዝናቡ ካፊያ ሆኖ ነፋስ ተቀላቀለበት። ክንዴ ጉብ ጉብ አለ፣ ከዚያ ጭኔ፣ ከዚያ አንገቴ። ሳላስበው ማከክ ጀመርኩ። ፊሽካው ተነፋ።

"ማን ቀባሽ?" አለኝ።

"ማንም አልቀባኝም፣ ጓድ። ብርዱ ነው።"

"ብርድ ሰው ይለበልባል?"

ልጆቹ ሳቁ። ሳማውን ሊያስለቅቀኝ ብሎ ጎትቶ ወሰደኝና ከጣራ ውሃ ከሚጠራቀምበት በርሜል በጣሳ እየቀዳ ራሴ ላይ ደፋብኝ። አንዴ አይደለም፣ ደጋግሞ ነው። ዓይኔ ተከደነ፣ ከንፈሬ ወፈረ፣ ጆሮዬ ጭው አለና ጭቃው ላይ ወደቅሁ። እሱ እላዬ ላይ ቆሞ "አያችሁ፣ ሳማ ውሃ ሲያገኝ ይብስበታል" እያለ ለልጆቹ ያስተምራል። የማያውቁትን አላውቅም ማለት ምን ያህል ቢከብድ ነው?

ደግፈው የወሰዱኝ የቀበሌው ሊቀመንበር ቢሮ ሰው ስለሞላው ይሞቅ ነበር። እናቴ ተጠርታ እስክትመጣ እብጠቱ ሁሉ ጠፋ፣ ክንዴ ምንም ያልነካው መሰለ። ሊቀመንበሩ ክንዴን ገልበጥ አድርጎ አየና "ሳማም ቆይቶ ይጠፋል" አለ። ይህ አሻጥር ነው፣ ያዘዛትን ሰው እስክትናገር እዚሁ ትደር ብሎ ፈረደ፣ ወደ ጎን ያለችውን ክፍል እያሳየ። በሩ ገርበብ ብሏል። እናቴ ነጠላዋን ሰብሰብ አድርጋ ሄደች፣ አንገቷን አስገብታ ክፍሉን አየች፣ ተመለሰች።

"እኔ ነኝ፣ ጓድ ሊቀመንበር" አለች። "ትርኢቱ ላይ እንድትወጣ ስላልፈለግሁ እኔ ነኝ የቀባኋት።"

ዓይኗን ብፈልገው አልሰጠችኝም። እኔን ለቀው እሷን አስቀሩ። በእሑዱ የነዋሪዎች ስብሰባ ፊት አቁመው ግለሂስ አስደረጓት፣ ሰዉም አጨበጨበ። ስሙ የወጣላት ያን ቀን ነው። እኔም ከትርኢቱ ተባረርኩ፤ ቀዩ ጨርቅ ለሌላ ልጅ ተሰጠ።

በአሰልጣኙ ተናደድኩ፣ በእናቴ ግን ባሰብኝ። አንድ የምታምነኝ ሰው ብትኖር እሷ ናት ብዬ ነበር። ለምን ዋሸሽ እላታለሁ፣ "ተይው፣ አለፈ" ትለኛለች። ጠዋት ጠዋት ፊቴን የምታጠብበት ውሃ ታሞቅልኛለች፣ ሳላመሰግን እታጠባለሁ። ከወንድሞቼ ለይታ ለእኔ ብቻ ለምን እንደምታሞቅ አንድም ቀን አልጠየቅኋት።

መንግሥት ተቀይሮ፣ እኔም ደመወዝተኛ ሆኜ፣ አንድ የቆዳ ሐኪም ዘንድ ሄድኩ። በላስቲክ የተጠቀለለ በረዶ ክንዴ ላይ አስቀመጠ። ሲያነሳው ቆዳዬ የበረዶውን ቅርጽ ይዞ አብጦ ወጣ። "የአንዳንድ ሰው ቆዳ ብርድ አይችልም" አለኝ። "ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ እንዳትገቢ፣ ሊገድልሽ ይችላል።"

በቀጥታ እናቴ ቤት ሄድኩ። ከጎረቤት ፍሪጅ በረዶ ለምኜ፣ ፊቷ ተቀምጬ፣ ክንዴ ላይ ያዝኩት። አበጠ። "እይው" አልኳት። "ብርድ ነው። ያኔም ብርድ ነበር።"

ምንም አልደነገጠችም። "አውቃለሁ" አለችኝ። "ከሕፃንነትሽ ጀምሮ የቦኖ ውሃ ሲነካሽ እንዲህ ነበርሽ። ለእነሱ ብነግር ማን ሊሰማኝ?"

"እያወቅሽ ታዲያ ለምን ቀባኋት አልሽ?"

"ክፍሉ እኮ ሲሚንቶ ነበር" አለች። "ዝናብም ገብቶበታል። አንቺን እዚያ ላሳድርሽ?"

በረዶውን ከእጄ ነጥቃ ወደ ደጅ ጣለችው። ከዚያ ያበጠውን ክንዴን ብብቷ ሥር አስገብታ፣ እስኪሞቅ ድረስ ይዛው ቆየች።