የተነሣችው ጣት

ያቺ የሽማግሌው ጣት የተነሣችው ለእኔ ነበር ወይስ ለፈጣሪያቸው?

ፊልም እሠራለሁ፤ መሬትና ሰው ብቻ የሚታይበት፣ ታሪክ የሌለው። ካሜራውን ካስጀመርኩ አሥራ ሁለት ደቂቃ እስኪሞላ አልናገርም፣ ከቦታዬም ንቅንቅ አልል። ትምህርት ቤት የገባሁት ትልቅ ሰው ሆኜ ነው። አንዲት ፊደል ከተሳሳትኩ ገጹን ቀድጄ እንደ አዲስ እጽፍ ነበር። አመሉ አለቀቀኝም፤ በመሃል የተቋረጠ ቀረጻ እጥላለሁ።

ቀወት ወረዳ ውስጥ ማሽላቸውን ከወፍ የሚጠብቁ ሽማግሌ ነበሩ። ወንጭፋቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ግራር ሥር ይውላሉ። አንድ ሳምንት ቀረጽኳቸው።

"እኔስ ወፍ እጠብቃለሁ። አንቺ ምን ትጠብቂያለሽ?" አሉኝ።

"ደቂቃው እስኪሞላ ነው፣ አባባ።"

"እሱም ማሽላ ይበላል?"

ሲቀረጹ መነጋገር ስለማንችል በምልክት ተስማማን። ሌባ ጣታቸውን ካነሡ "ቆይ፣ አልጨረስኩም" ማለት ነው።

በመጨረሻው ቀን ሙቀቱ ገና በጠዋቱ ከብዶ ነበር። ግንዱን ተደግፈው ተቀመጡ። አራተኛው ደቂቃ ላይ ወንጭፉ ወደቀ፤ አላነሡትም። ወፎቹ ማሽላው ላይ ሰፈሩ፤ እሳቸው አላባረሯቸውም። ቀጥሎ ጣታቸው ቀስ ብላ ተነሣች። ቆይ ያሉኝ መሰለኝና ቆየሁ። ጣቲቱ ጭናቸው ላይ ወረደች። ሰባት ደቂቃ ቀርቶኝ ነበር፤ ሞላሁት። ስጠጋቸው ትንፋሽ አልነበራቸውም።

የሸዋ ሮቢት ልጅ ነኝ፤ ያደግሁት ከሙስሊም ጎረቤት ጋር ግድግዳ ተጋርተን ነው። ሰው ሸሃዳ ይዞ፣ የአላህን አንድነት መስክሮ ሲሞት ጣቱን እንደሚያነሣ አላውቅም ማለት አልችልም።

ለቤተሰቡ "ስደርስ አርፈው አገኘኋቸው" አልኩ። ልጃቸው በለቅሶው ላይ የምትጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ "ሸሃዳ ይዞ ይሆን?" ሴቶቹ "አላህ ያውቃል" ይሏታል። ጣታቸውን እንዳነሡ እኔም አውቅ ነበር። ግን ጣቲቱን ብነግራት ሰባቱ ደቂቃ አብሮ ይወጣል። መጀመሪያ ያገኘኋቸው እኔ ስለሆንኩ ገበያ ላይ ባገኘችኝ ቁጥር ያንኑ ትጠይቀኝ ነበር፤ እኔም ሁለት ዓመት ሙሉ አንገቴን ደፋሁ።

ባለፈው ረቡዕ ካራቆሬ፣ ልጃቸው ያገባችበት ቤት ሄድኩ። በሰፌድ ማሽላ ታበጥራለች።

"ጣታቸውን አንሥተዋል" አልኳት። "በዓይኔ አይቻለሁ።"

"አልሐምዱሊላህ።" ፊቷን በሻሿ ሸፈነች። ከዚያ ገለጠችው። "ሞቶ ነው ያገኘሁት አላልሽም?"

"ዋሽቼ ነው።"

"ምን ያህል ትርቂው ነበር?"

"ሃያ እርምጃ።"

"ውሃስ? ከንፈሩን እንኳ አራስሽለት?"

"አላራስኩላቸውም። ደቂቃው አልሞላም ነበር።"

ሰፌዱን አንሥታ ማበጠሯን ቀጠለች። ሂጂ አላለችኝም፤ ተቀመጪም አላለችኝም።