በመስኮቱ ያየሁት እጅ

ለንስሐ አባቴ ሌላውን ኃጢአቴን ሁሉ ስዘረዝር ይህችን አንዷን ሁልጊዜ እዘላታለሁ። ሚስቴም አታውቃትም። አሁን ለእናንተ የምነግራችሁ ምናልባት ፊታችሁን ስለማላይ ነው።

በደርግ ጊዜ ናዝሬት ውስጥ፣ በከተማው የኪነት ቡድን ከበሮ መቺ ነበርኩ። የሚመሩን ሙሴ ሉሲየን የሚባሉ ሽማግሌ ፈረንሳዊ ነበሩ። በአገራቸው ኦርኬስትራና ኦፔራ ሲመሩ ኖረው፣ እዚያ ነርስነት ልትማር የሄደችውን የናዝሬቷን አስካለን አገቡ፤ እሷን ተከትለው መጡ። እሷ ሞተች፤ እሳቸው ቀሩ። ቅዳሜ ቅዳሜ መቃብሯ አጠገብ ተቀምጠው፣ ማንም የማይሰማውን ሙዚቃ በጣታቸው ሲመሩ አይቻቸዋለሁ።

ከሰዓት በኋላ ሙቀቱ ሲያደክመን አግዳሚው ላይ ጋደም እንላለን፤ እሳቸው ስለ ኦፔራው ያወሩናል። መብራቱ ቀስ እያለ ይጠፋል፤ አዳራሽ ሙሉ ሰው ትንፋሹን ይውጣል፤ ያ ሁሉ ተጫዋች የሚያየው የእሳቸውን እጅ ብቻ ነው። ዓይኔን ጨፍኜ እሰማለሁ። ከውጭ የጋሪ ፈረስ ኮቴ ይመጣል፤ የእሳቸው ከተማና የእኛ ከተማ ይቀላቀሉብኛል። ደስ ይለኝ ነበር። በሕይወቴ እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ካስተማሩን ሁሉ የከበደን ዝምታ ነው። በእኛ ዘንድ ከበሮ ዝም አለ ማለት ዘፈኑ አለቀ ማለት ነው፤ ሰው ያጨበጭባል። እሳቸው ግን ዘፈኑ መሐል ላይ ግራ እጃቸውን አንስተው ጸጥ ያሰኙናል፤ እጃቸው እስክትወርድ ማንም አይተነፍስም። እኔ አልችልበትም፣ እቸኩላለሁ። አንድ ቀን በሰው ፊት፣ «ልጄ፣ ከበሮህ ወሬ ያበዛል፤ መስማትም ተማር» አሉኝ። በዚህች ቂም ያዝኩ። ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት ይባል የለ? እኔ ቂም ይዤ ከበሮ እመታ ነበር።

አዲስ የተሾመው የከተማው ሊቀመንበር ልምምዳችንን ሊያይ መጣ። መሣሪያ የማይነካ፣ የማይዘፍን ሰው እጁን እያወዛወዘ ደመወዝ መብላቱ አልገባውም። ዘፈን የሚመራው ከበሮ ነው ብሎ ወደ እኔ ዞረ።

«ጓድ፣ ሰውየው ባይኖሩ መጫወት ያቅታችኋል?»

«አያቅተንም» አልኩ።

ያለ እሳቸው እንድንሞክር ሙሴ ከክፍሉ እንዲወጡ ተደረገ። ሥራቸውን ካጡ የመኖሪያ ፈቃዳቸው እንደማይታደስ አውቅ ነበር። የሚመኙትም አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ከአስካለ አጠገብ መቀበር። ይህንንም አውቅ ነበር።

ተጫወትን። ዝምታው ጋ ስንደርስ ሁሉም ወደ እኔ አየ። መቼ እንደምመታ ጠፋኝ። ያኔ በመስኮቱ አየኋቸው። ግራሩ ሥር ቆመዋል፤ ነፋሱ አቧራውን እያነሳ ኮታቸውን ያርገበግበዋል፤ ግራ እጃቸው ግን ከፍ እንዳለች ናት። ዓይኔን ከእጃቸው ሳልነቅል ጠበቅኩ። እጃቸው ወረደች፤ መታሁ። እንደዚያ አምሮልን አያውቅም።

«ታዲያ ማን መራችሁ?» አለ ሊቀመንበሩ እየሳቀ።

«እኔ» አልኩ።

እኔ አልኩ። እጃቸውን እያየሁ መትቼ፣ እኔ አልኩ። ፈርቼ ነው እንዳልል ማን አስፈራራኝ? ሳላስበው ከአፌ አመለጠኝ እንዳልል፣ እሳቸው ከሥራ ተሰናብተው ከአገር እስኪወጡ ድረስ ለማስተካከል ሦስት ሳምንት ነበረኝ። በነዚያ ሦስት ሳምንታት እኔ የቡድኑ መሪ ሆኜ ተሾምኩ፤ ሹመቱም ጣፈጠኝ።

ወደ ጅቡቲ በሚወርደው ባቡር ሊሳፈሩ ሲሉ ቡድኑ በሙሉ ጣቢያ ወጥቶ ሸኛቸው። አንድ በአንድ ሳሙን። እኔ ጋ ሲደርሱ አንገቴን ደፋሁ። ጉንጬን ስመው ወደ ጆሮዬ ጠጋ አሉ።

«እስክታየኝ ድረስ እጄን አላወረድኩም፣ ልጄ» አሉኝ።

ባቡሩ ሄደ፤ እኔ ሐዲዱ ዳር ቀረሁ።

የት እንደሞቱ አላውቅም። ከአስካለ አጠገብ የነበረው ቦታ ለሌላ ሰው ሆኗል፤ ባለፍኩ ቁጥር አየዋለሁ። ይቅር በሉኝ አልላችሁም፤ የተበደላችሁት እናንተ አይደላችሁም። ጥያቄውን ብቻ መልሱና ጠይቁኝ። ማን መራችሁ በሉኝ።

እሳቸው።