የባትሪ ቤቱን ሴቶች የቀረጸችው

ሰፈርተኛው «ባለ ካሜራዋ» ይላታል። በሃያ ሁለት ዓመት ውስጥ ስድስት ዘጋቢ ፊልሞች ሠርታለች፤ ሁሉንም ያለ አለቃ፣ ያለ ቴሌቪዥን ጣቢያ፣ በገዛ ካሜራዋና በወንድሟ አሮጌ መኪና። እናቷ እስክትሞት ድረስ «የሰው ቁስል ስትቀርጪ ጎጆ ሳትወጪ ቀረሽ፣ ልጄ» ትላት ነበር። እሷ ግን ሰው ካየ ያፍራል፣ ካፈረ ያስተካክላል ብላ ታምናለች።

ስድስተኛው ፊልም ያረጁ የመኪና ባትሪዎች እየተሰበሩ እርሳስ ስለሚቀልጥበት ግቢ ነበር። ሴቶቹ ባትሪውን የሚፈለቅቁት በባዶ እጃቸው ነው፤ አሲዱ ቀሚሳቸውን እንደ ብል ይበላዋል። አራት ዓመት ተመላለሰች። መጀመሪያ ሁሉም ፊታቸውን አዞሩባት። ኋላ ጓደኞቿ «ሳቂታዋ» የሚሏት አንዲት ባሏ የሞተባት ሴት «ዝም ብዬስ ምን አተረፍኩ?» ብላ ካሜራው ፊት ተቀመጠች። እርሳሱ እጇን ያንቀጠቅጠዋል። «ሻይ ስጠጣ ግማሹን መሬት ይጠጣልኛል» ብላ ሳቀች። እሷን አይተው ሌሎች አራት ሴቶች ተናገሩ።

ፊልሙ በታየ ቀን አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። የጤና ቢሮው ኃላፊ ዓይኑን እየጠረገ «እህቴ፣ ይሄ ነገር በዋዛ አይታለፍም» አላት። እውነትም ግቢው በሳምንቱ ታሸገ። ባለ ካሜራዋ ለወንድሟ ደውላ በደስታ አለቀሰች።

በአሥራ ስድስተኛው ቀን እሽጉ ተነሣ። ባለቤቱ አጥሩን በሁለት ረድፍ ብሎኬት አስረዘመው፤ ለሠራተኞቹ ግን አንዲት ጓንት አልገዛም። ፊልሙ ላይ የታዩትን አምስቱንም ሴቶች አባረራቸው። ባለ ካሜራዋ ጤና ቢሮ ብትመላለስ «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው» ከሚል በቀር መልስ አላገኘችም።

ባለ ካሜራዋ እየፈራች ወደ ሳቂታዋ ቤት ሄደች። ሳቂታዋ ግን አልተቆጣችም፤ ወንበር በክርኗ ገፋ አድርጋ አስቀመጠቻት።

«አንቺ እኮ ክፉ አላሰብሽም» አለቻት። «ግን አንድ ነገር ልለምንሽ፤ ያንን ፊልም አጥፊልኝ።»

«ከእጄ ወጥቷል እኮ። የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም።»

«የኔን ፊት ብቻስ?»

«ምነው? ምን ተፈጠረ?»

«ልጄ በኔ ቦታ እዚያው ገብታለች። የማን ልጅ እንደሆነች አላወቁም። መልኳ ደግሞ ቁርጥ እኔን ነው።»

ባለ ካሜራዋ የዚያኑ ዕለት ፊልሙን ከኢንተርኔት ገጿ ሰረዘችው። ሌሎች ግን ቀድመው አባዝተውታል፤ አንዱ ሲጠፋ ሌላው ይበቅላል። በወሩ ጭራሽ ተሸለመ፤ ዜናውም የሳቂታዋን ፊት ይዞ ወጣ። በማግስቱ ልጅቷን ከበር መለሷት።

ዛሬ የባትሪ ቤቱ ሥራውን ቀጥሏል። በአምስቱ ቦታ ሌሎች ሴቶች ገብተዋል፤ ካሜራ የያዘ ሰው ካዩ ይሸሻሉ። ባለ ካሜራዋ የትምህርት ቤት ምረቃ እየቀረጸች ትኖራለች። ወንድሟ አንዳንዴ «ሰባተኛውስ መቼ ነው?» ይላታል።

«ደግሞ ማንን ላስበላ?» ትለዋለች።