ታፔላው ላይ የተጻፈው ስም

የበደለችኝ የአጥር ጎረቤቴ ናት፤ ቀበሌው የሰፈራችንን ስም ታፔላ ላይ ሊያስጽፍ ነባር ነዋሪዎችን በጠየቀ ዕለት። «መጀመሪያ እዚህ የሰፈረው የእኔ ባል ነው» አለች። ቁጥቋጦውን መንጥሮ የመጀመሪያውን ቤት የሠራው ግን የእኔ ሟች ባል ነበር። ሰፈሩ በባሏ ስም ተጠራ።

ዓመት ሳይሞላ ለልጇ ቤት ልትሠራ ተነሳች።

«እትዬ፣ እርስዎ ቀድመውኝ ነው የመጡት። እዚህ ጋ መሬቱ እንዴት ነው?»

አሁን ሲቸግራት ቀደምኳት! በመጀመሪያው ክረምታችን መሬቱ እዚያው ቦታ ላይ ተሰንጥቆ፣ እኔና ባሌ ውሃ ላይ የሚንሳፈፈውን ቀላል የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ተሸክመን ሞልተነዋል።

«አለት ነው» አልኳት።

ቤቱ በተሠራ በሁለተኛው ክረምት የልጇ ግድግዳ ከመሠረቱ እስከ ጣሪያው ተሰነጠቀ። ሰው አልተጎዳም፤ ይህን ለራሴ በየቀኑ ብነግረውም አያሳርፈኝም። ያን ዕለት ዳቦ ገዝቼ ሄድኩ፤ «አይዞሽ» አልኳት፤ ስለ መሬቱ የድሮ ስንጥቅ ሳልነግራት ወደ ቤቴ ተመለስኩ።