ጫካ ውስጥ የያዝኩት መንገድ

ነገሩ የሆነው በ2007 ዓ.ም. በበጋው ወራት ነው። ጁባ የሚያውቁኝ ሐበሾች ባገኙኝ ቁጥር ስለሚስቁብኝ ልርሳው ብልም አያስረሱኝም። ሌላ ሰው ጨማምሮ ከሚያወራው እኔው ራሴ ልጻፈው ብዬ ነው።

አስቴር እባላለሁ። ያኔ ጉዴሌ በሚባለው የጁባ ሰፈር አነስተኛ ምግብ ቤት ነበረችኝ። ከ2006ቱ የታኅሣሥ ጦርነት በኋላ ግማሹ ደንበኛዬ ከተማውን ለቅቆ ወጣ፤ የቀረውም እቤቱ አብስሎ መብላት ጀመረ። ቀኑን ሙሉ ዝንብ ሳባርር ነበር የምውለው።

እንደዚህ ሆኜ ሳለሁ ደንግ መጣ። ደንግ የደቡብ ሱዳን ሰው ነው። ልጅነቱን ጋምቤላ አሳልፎ አዲስ አበባ ስለተማረ አማርኛው የኔን ያስንቃል። ሥራው የዱር አራዊት ጥናት ነው።

«አስቱዬ፣ ለአንድ ወር ጫካ ገብተሽ ታበስይልናለሽ?» አለኝ።

«የምን ጫካ?»

«ከኮንጎ ጋር የሚያዋስነን ትልቁ ጫካ ነዋ። ከገባሽ መውጫው አይታይም።»

ከዚያ ቁጭ ብሎ ጉዳዩን አስረዳኝ። ጫካው ለእንጨት ቆራጮች ሊሰጥ ነው። ጁባ ያሉት ኃላፊዎች ዝሆን ካለበት ይጠበቃል፣ ከሌለበት ግን ይቆረጣል ብለዋል። የአገሩ ሰው ዝሆን አለ ብሎ ይምላል። ኃላፊዎቹ ግን መሐላ አንቀበልም፣ ፎቶ አምጡ አሉ። የደንግ ቡድን ፎቶውን ይዞ ካልተመለሰ መጋዙ ይገባል።

እኔ በሆዴ፣ ቤት የሚያህል እንስሳ ፎቶ ለማንሳት ወር ሙሉ ምን ያደርጋል አልኩ። አፌ ግን እሺ አለ።

መንገዱን አልነግራችሁም፤ ወገቤ እስከ ዛሬ ያስታውሰዋል። ጫካ ሲባል እኔ የማውቀው ባሕር ዛፍ ነው። ይሄኛው ሌላ ነው። ዛፉ ላይ ዛፍ በቅሎበታል፤ ቀና ብዬ ጫፉን ሳየው ሻሼ ከራሴ ላይ ወደቀ። እኩለ ቀን ላይ እንኳ ፀሐይ በቅጠሉ መሃል እየተሹለከለከች ነው የምትገባው። ያ ሁሉ አንድ ቀን ጣውላ ይሆናል ብዬ ሳስብ እውነቴን ነው፣ አንዱን ግንድ በእጄ ዳሰስኩት።

መንገድ የሚመራን ማርኮ የሚባል ያገሩ ሽማግሌ ነበር። በወጣትነቱ አዳኝ ነበረ፤ አሁን የጫካው ጠባቂ ነው። እሱና ደንግ ቀን ቀን እየዞሩ ዛፍ ግንድ ላይ ካሜራ ያስራሉ። ካሜራዎቹ ቅጠል ስለሚመስሉ አጠገባቸው ብትቆሙም አታዩዋቸውም። ፊታቸው የሚንቀሳቀስ ነገር ሲያልፍ በራሳቸው ያነሳሉ። ፎቶውን እያወጣን እናያለን ብለን ነበር፤ የደንግ ላፕቶፕ ገና በሁለተኛው ቀን ወንዝ ውስጥ ገባ። ስለዚህ የተነሳውን ሁሉ የምናየው ጁባ ስንመለስ ሆነ።

አሁን ወደ እኔ ጉድ ልምጣ። እኔ ጴንጤ ነኝ። ጠዋት ሳልጸልይ እሳት አላነድም። የኛን ጸሎት የሚያውቅ ያውቀዋል፤ ቁጭ ብለው የሚጸልዩት አይደለም። ወዲያ ወዲህ እየተመላለሱ፣ እጅ እያወራጩ፣ ድምፅን ለቀቅ አድርገው ነው። ጉዴሌ ጎረቤቶቼ ስንቴ የቆርቆሮ አጥሩን በጫማ መትተውብኛል። ጎረቤት የሌለበት አገር ስደርስ ደስታዬን አትጠይቁኝ።

የተኙትን እንዳልረብሽ ጎህ ሲቀድ ተነስቼ፣ በቢጃማዬ ላይ ነጠላ ደርቤ፣ የቡድኑን ቦት ጫማ ተጫምቼ፣ ካረፍንበት አጠገብ ያለችውን ጅረት ተሻግሬ ራቅ እላለሁ። እዚያ ማዶ የሚያስደንቅ መንገድ አገኘሁ። በዚያ ሁሉ ሐረግና እሾህ መሃል ሰፊ፣ የተደለደለ፣ እንቅፋት የሌለው መንገድ። ለመመላለስ የተሠራ ነው የሚመስለው። እኛ ደግሞ እንዲህ ዓይነት ነገር ሲገጥመን ጌታ አዘጋጀልኝ እንላለን እንጂ ማን ጠረገው ብለን አንጠይቅም። እኔም አልጠየቅሁም።

ጸሎቴ ስለ ዝሆኖቹ ነበር። «ጌታ ሆይ፣ ከምሥራቅም ከምዕራብም አምጣቸው» እላለሁ። አጨበጭባለሁ። «ዝሆኖቹን ያሰርክ መንፈስ፣ ልቀቅ» እያልኩ መሬቱን በቦቱ እደበድባለሁ። በቀቀኖቹ ከዛፍ ዛፍ እየተጯጯሁ ይሸሻሉ። እኔ አብረውኝ የሚያመሰግኑ ይመስለኝ ነበር።

ቀናት አለፉ፣ ዝሆን የለም። ማርኮ ምሽት ላይ ይመጣና «ፊል ማፊ» ይላል፤ በጁባ ዓረብኛ ዝሆን የለም ማለቱ ነው። ዝሆኖቹ ከአባት ከአያታቸው ጀምሮ የሚሄዱበት መንገድ ላይ ትኩስ ዱካ ጠፋበት። ደንግ እራት አልበላ አለኝ። ሰውዬው ከሳብኝ።

አንድ ቀን ማርኮ ፊቱ ተለዋውጦ ተመለሰ። ዝሆኖቹ መንገድ ላይ የቦት ዱካ አየሁ አለ።

«ከኛ ሰው ይሆናል» አለ ደንግ።

«የኛ ሰው እንዲህ አይሄድም። ይሄ እብድ ነው። አንዲት ቦታ ላይ ስንት ጊዜ ተመላልሷል። ሄዶ ይመለሳል፣ ሄዶ ይመለሳል። መሬቱንም ረግጦ ረግጦ ቆፍሮታል።»

ደንግ ደነገጠ። እንጨት ቆራጮቹ ሰው ልከው ሆን ብለው ዝሆኖቹን እያባረሩብን ነው አለ። እኔም ደሜ ፈላ። የምን ክፉ ሰው ነው፣ እነዚህ ዝሆኖች ምን በደሉት ብዬ እንቅልፍ አጣሁ።

በማግስቱ ጠዋት ጅረቷን ተሻግሬ ያለ የሌለ ጉልበቴን አወጣሁ። «ጌታ ሆይ፣ ዝሆኖቹን የሚያባርረውን ያንን እብድ አፉን ዝጋልኝ» ብዬ ጮኽኩ። አንጀቴ እስኪታጠፍ ጮኽኩ።

ጸሎቴ ተሰማ። በነጋታው ስነቃ ድምፄ ጥርቅም ብሎ ተዘግቷል። ደንግን ለቁርስ የጠራሁት ድስት በማንኪያ እየመታሁ ነው።

ድምፄ ሳይመለስ የመጨረሻው ጠዋት ደረሰ። ያን ቀን ካሜራዎቹ ተሰብስበው ወደ ጁባ ልንመለስ ነው። እንደ ልማዴ ወደ መንገዴ ሄድኩ። ለመጮህ ድምፅ የለኝም፤ ለመመላለስም ጉልበቴ አልቋል። መንገዱ መሃል ቆምኩ፣ ዓይኔን ጨፈንኩ፣ እጄን ዘረጋሁ። በልቤ ብቻ፣ «ጌታ ሆይ፣ የደንግን ልፋት ተመልከት። ይህን ጫካም ለመጋዝ አትስጠው» አልኩ። ሌላ ቃል አልመጣልኝም።

እንደዚያ እንደቆምኩ ከበስተኋላዬ አንገቴ ላይ ሞቅ ያለ ነፋስ መጣ። እፍፍ አለብኝ። የከብት በረት የመሰለ ሽታም ሸተተኝ፤ እሱን ከቁም ነገር አልቆጠርኩትም። መላ ሰውነቴን ወረረኝ፣ እንባዬ ዱብ ዱብ አለ። በእምነት በኖርኩበት ዘመን ሁሉ ጌታ እንደዚያ ቅርብ ሆኖ ተሰምቶኝ አያውቅም። ዓይኔን የገለጥኩት ብዙ ቆይቼ ነው። ማንም አልነበረም።

ተመልሼ ለደንግ በሹክሹክታ፣ «መልሱ መጥቷል» አልኩት። አዝኖ አየኝና ሻንጣውን መጠቅለሉን ቀጠለ።

ጁባ ከገባን በኋላ ፎቶዎቹ ለኃላፊዎቹ የሚታዩበት ቀን ተቆረጠ። ደንግ ራሱ ገና ሁሉንም አይቶ አልጨረሰም። ኃላፊዎቹ ስለቸኮሉ ካሜራ በካሜራ እያወጣ እዚያው ፊታቸው በፕሮጀክተር ግድግዳ ላይ ሊያሳይ ነው። እኔ ሳምቡሳ እንዳቀርብ ተጠርቼ ትሪ ይዤ ከኋላ ቆሜያለሁ። ማርኮም ኮት ለብሶ መጥቷል።

ግድግዳው ላይ ጅግራ አለፈች። ጃርት አለፈ። ድኩላ ዓይኑን አፍጥጦ አየን። ከዚያ ከጅረቷ ማዶ የታሰረው ካሜራ ተራ ደረሰ፤ ግድግዳውንም ባለ አበባ ቢጃማ የለበሰች ሴት ሞላችው።

እጇ ሰማይ ላይ ነው። አፏ እስከ መንጋጋዋ ተከፍቷል። በሚቀጥለው አንድ እግሯ አየር ላይ ነው። በሚቀጥለው ሻሿ ወድቋል። ቀን በቀን፣ ማለዳ በማለዳ፣ መቶ ምናምን ፎቶ፣ ሁሉም እኔ። አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። አንዱ ኃላፊ እንባውን እየጠረገ «ማማ ዴ ሙኑ?» አለ፤ ይህች ማማ ማን ናት ማለቱ ነው። ማርኮ ሳይስቅ ፎቶው ላይ ያለውን ቦት አየና ወደ እኔ ዞረ።

«እብዱ ተገኘ» አለ።

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ደንግ ግን አልሳቀም፤ ዝሆኖቹ ለምን እንደቀሩ ገብቶት ፊቱ አመድ መሰለ። ወር ሙሉ የለፋበትን በእኔ ጩኸት እንዳጣው አወቅሁ። ሳቁን እችለው ነበር፤ ያንን ፊቱን ግን አልቻልኩትም።

የመጨረሻውን ቀን ፎቶ ለመጨረስ ያህል ነካው። እኔ ዓይኔን ጨፍኜ፣ እጄን ዘርግቼ ቆሜያለሁ። ከኋላዬ፣ አንድ ክንድ በማይሞላ ርቀት፣ ዝሆን ቆሟል። ኩምቢውን ዘርግቶ ማጅራቴን ያሸተኛል።

እዚያ ጫካ ውስጥ መምጣት የነበረበት ፍርሃት ያን ጊዜ፣ ጁባ መሃል መጣብኝ። ሳምቡሳው ከነትሪው ወለሉ ላይ ተበተነ። ደንግ ወንበሩን ገልብጦ መጥቶ አቀፈኝ። ያ ትልቅ ሰው እንደ ሕፃን አለቀሰ።

ጫካው ለጊዜው አይነካም ተባለ። ውሳኔው በተጻፈበት ደብዳቤ ላይ የተያያዘው ፎቶ ያው ነው፤ እኔን ቆርጠው ለማውጣት ሞክረው ኩምቢው አልለይ አላቸው። አንድ ቢሮ ግድግዳ ላይም ከነቢጃማዬ ተሰቅያለሁ አሉ። በቤተ ክርስቲያናችን ምስክርነት ስሰጥ እህቶች እልል ካሉ በኋላ፣ «ጌታ ይባረክ፣ ቢጃማውን ግን ቀይሪው» ብለውኛል።

ሰው ሁሉ የሚያወራው ስለዚያ ፎቶ ነው። እኔ ግን የምወደው ከእሱ ቀጥሎ ያለውን ነው። ደንግ አሳትሞ ሰጥቶኛል። ዝሆኑ አሽትቶኝ ሲያበቃ አልገፋኝም፣ አልረገጠኝም። ከተደለደለው መንገድ ወርዶ፣ በእሾሁና በሐረጉ መሃል ጎኑን እያስቧጠጠ፣ እኔን ዞሮ ሲያልፍ ይታያል። ጁባ ውስጥ ቦዳቦዳ የሚሉት የሞተር ታክሲ እንኳ ጡሩምባውን እየነፋ ገፍትሮኝ ነው የሚያልፈው። ያ ፍጥረት ግን አያቶቹ የሠሩትን መንገድ፣ ስጮህበት የከረምኩትን መንገድ፣ ጸሎቴን እስክጨርስ ለቀቀልኝ።